ዝም ያለ መሥሪያ ቤት እንዴት ይከሰሳል?

«አይቻልም» የሚል መሥሪያ ቤት ለባለጉዳይ ይሻላል። ክልከላው ቀን አለው፣ ቁጥር አለው፣ ፈራሚ አለው፤ ደብዳቤውን ይዘው ይግባኝ ይሉበታል። ሰው የሚያከስለው «ጉዳይሽ በሂደት ላይ ነው» የሚለው መልስ ነው። በሂደት ላይ ባለ ነገር ይግባኝ አይባልም። ለሁለተኛ ዲግሪዬ ደቡብ ሕንድ፣ ኮቺ ከተማ ሕግ በተማርኩበት ጊዜ ፍርድ ቤት ለዚህ ዓይነቱ ዝምታ ምን መድኃኒት እንዳለው ያየሁት በመማሪያ ክፍል ሳይሆን በተከራየሁበት ቤት ነው።

ኮቺ ያለችበት ክፍለ ግዛት ኬረላ ይባላል። ለእኛ ሰው ጭራሽ እንግዳ አገር አይደለም። በንጉሡ ዘመንና ከዚያም በኋላ በየጠቅላይ ግዛቱ ሂሳብና ሳይንስ ያስተምሩን ከነበሩት ሕንዳውያን ብዙዎቹ ከዚያ የመጡ ነበሩ። አባቴ ደሴ ሲማር አልጀብራ ያስተማሩትን ሰውዬ እስከ ዛሬ ያነሳቸዋል፤ ሰሌዳውን ከጥግ እስከ ጥግ ሳይሞሉ ፊታቸውን ወደ ተማሪ አያዞሩም ነበር ይላል። መምህር በዚያ አገር የተከበረ ነው። የአከራዮቼ ምራት በአቅራቢያው ባለ ትምህርት ቤት ሕፃናት ታስተምራለች፤ ሰፈሩ ሁሉ የሚጠራት «ቲቸር» እያለ ነው፣ ስሟን የሚያነሳ የለም። ጠዋት ሦስት ሰዓት ሳይሞላ ሳሪዋን አስተካክላ፣ ዣንጥላዋንና የምሳ ዕቃዋን ይዛ ትወጣለች። የአውቶቡስ ግን አማቷ ይሰጧታል። ከተቀጠረች ሦስተኛ ዓመቷን ይዛለች፤ አንድም ወር ደመወዝ አልተከፈላትም።

ይህ እንዴት ይሆናል ለሚል፣ መጀመሪያ የትምህርት ቤቱን ዓይነት ማወቅ ያስፈልጋል። ኬረላ ውስጥ የመንግሥትና የግል ትምህርት ቤቶች አሉ፤ በመካከላቸው ደግሞ መንግሥት የሚደጉማቸው፣ «ኤይድድ» የሚሏቸው አሉ። የእነዚህ ግቢና ሕንፃ የቤተ ክርስቲያን፣ የሙስሊም ማኅበር፣ የሂንዱ ማኅበር ወይም የአንድ ቤተሰብ ንብረት ነው። መምህሩን መርጦ የሚቀጥረው ባለቤቱ የሚወክለው «ማኔጀር» ነው። ደመወዙን የሚከፍለው ግን መንግሥት ነው። ቁጥራቸው ከ7000 በላይ ስለሆነ ከመንግሥት ትምህርት ቤቶችም ይበዛሉ። አንዱ ይቀጥራል፣ ሌላው ይከፍላል፤ ሁለቱን የሚያገናኛቸው የትምህርት መኮንኑ ቅጥሩን የሚያጸድቅበት አንድ ፊርማ ነው። ያ ፊርማ እስኪገኝ ድረስ «ስፓርክ» በሚባለው የክፍለ ግዛቱ የደመወዝ መዝገብ ላይ መምህሯ የለችም። ክፍል ውስጥ አለች፣ በተማሪዎቿ ዘንድ አለች፣ በደመወዝ ዝርዝሩ ላይ የለችም።

ፊርማው የመጣው በጣም ተፋልመውበት ነው። ቀድሞ ደመወዝ የሚያልፈው በማኔጀሩ እጅ ስለነበር፣ በሙሉ ደመወዝ አስፈርሞ ከፊሉን ብቻ የሚሰጥ ማኔጀር ሞልቶ ነበር። በ1957 (በዚህ ጽሑፍ የሕንድን ነገር ሳነሳ ዓመቱ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው) በምርጫ ሥልጣን የያዘው የናምቡዲሪፓድ ኮሚኒስት መንግሥት፣ በትምህርት ሚኒስትሩ በጆሴፍ ሙንዳሴሪ በኩል ረቂቅ ሕግ አቀረበ። መንግሥት ለመምህሩ በቀጥታ ይክፈል፣ ማኔጀሩም እንዳሻው አይቅጠር የሚል ነበር። አገር ተናወጠ። ረቂቁ ምክር ይሰጥበት ዘንድ ወደ ሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ተላከ። ፍርድ ቤቱ በ1958 በሰጠው አስተያየት፣ አናሳ ማኅበረሰቦች የራሳቸውን ትምህርት ቤት የማስተዳደር መብት እንዳላቸው፣ ዳሩ ግን የመንግሥትን ገንዘብ የሚቀበል ተገቢ የሆነ ቁጥጥርንም አብሮ እንደሚቀበል ተናገረ። ሕጉ ወጣ። መንግሥቱ ግን ተቃውሞው ስለበረታበት በጁላይ 1959 ከዴልሂ በመጣ ትእዛዝ ተሻረ። ሚኒስትሩ ሄዱ፣ ፊርማው ቀረ።

መኮንኑ ዓይኑን ጨፍኖ ይፈርም የሚል ካለ እኔ አልተባበረውም። ለመምህርነት ቦታ ማኔጀሩ «ልገሳ» የሚባል ጠቀም ያለ ገንዘብ የሚቀበልባቸው ትምህርት ቤቶች እንዳሉ ኬረላ ውስጥ ሻይ ቤት ሳይቀር ይወራል። አንድ ፊርማ ማለት ደግሞ የተቀጠረችው ጡረታ እስክትወጣ ድረስ መንግሥት የሚሸከመው ደመወዝ ነው። ስለዚህ የሚታዩ ነገሮች አሉ። ትምህርት የሚጀመረው በጁን ወር ነው፤ በስድስተኛው የሥራ ቀን ተማሪ ይቆጠራል፣ በዚያ ቆጠራ ለትምህርት ቤቱ ስንት መምህር እንደሚገባ ይወሰናል። ቦታው በእርግጥ አለ ወይ? ተማሪ በማነሱ ከዚያው ትምህርት ቤት የተቀነሰ መምህር ቅድሚያ አለው ወይ? በሥራ ላይ እያለ የሞተ መምህር ልጅ ጥያቄ አቅርቧል ወይ? አመልካቿ የመምህርነት ብቃት ፈተናውን አልፋለች ወይ? እነዚህ ሁሉ ተገቢ ጥያቄዎች ናቸው። ለአንዳቸውም ግን ሦስት ዓመት አያስፈልግም።

አንዳንዱ መዘግየት ከጀርባው ሌላ ባለመብት አለው፤ ይህን ሳልጠቅስ ባልፍ ነገሩን ማጣመም ይሆንብኛል። የሕንድ ሕግ ከ1995 ጀምሮ 3 በመቶ፣ ከ2016ቱ አዋጅ ወዲህ ደግሞ 4 በመቶ የሥራ ቦታ ለአካል ጉዳተኞች እንዲያዝ ያዛል። የድጎማ ትምህርት ቤቶቹ ማኔጀሮች ግን ለረጅም ዘመን ይህን እንደማይመለከታቸው ቆጥረው በሙሉ በራሳቸው ምርጫ ሲሞሉ ኖሩ። ዓይነ ስውር የሆነ ብቁ መምህር በየደጁ ሲመለስ ኖረ ማለት ነው። ክፍለ ግዛቱ በ2018 ሕጉ በእነሱም ላይ እንደሚሠራ ትእዛዝ አወጣ፤ ከፍተኛ ፍርድ ቤቱም ያለፈው ጉድለት ጭምር እንዲሟላ ወሰነ። ውጤቱ የሚያሳዝን ነበር። ጉድለቱ እስኪሟላ ድረስ የሺዎች አዲስ መምህራን ቅጥር ተንጠልጥሎ ቀረ፤ ከፊሎቹ በጊዜያዊነት ወይም በቀን ሒሳብ ብቻ ጸደቀላቸው። ጥፋቱ የማኔጀሮቹ ነበር፤ ዕዳውን የከፈሉት ግን ወጣት መምህራን ናቸው። በ2025 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ናየር ሰርቪስ ሶሳይቲ በሚባለው ማኅበር ትምህርት ቤቶች ጉዳይ፣ ለአካል ጉዳተኞች የሚገባው ቦታ ተለይቶ ከተቀመጠ የሌሎቹ ቅጥር ሊጸድቅ እንደሚችል ሲወስን አንድ መውጫ ተከፈተ። እኔ ይህን መፍትሔ እወደዋለሁ፤ የአንዱን መብት ለማክበር የሌላውን ዝም ብሎ ማቆየት አያስፈልግም ነበርና።

የእኛዋ ቲቸር ጉዳይ ይህን ያህል እንኳ አልተወሳሰበም። በጡረታ በወጣች መምህርት ቦታ ነው የተቀጠረችው፤ ቦታው ንጹሕ ነው። ማመልከቻው አንድ ጊዜ ወረቀት ጎድሎታል ተብሎ ተመለሰ፤ ተሟልቶ ገባ፤ ከዚያ ወዲያ ድምፁ ጠፋ። መኮንኑ ተዛወረ። አዲሱ መጣ፣ እሱም ተዛወረ። ደጅ ስትጠና የሚመልሱላት ጸሐፊ ጨዋ ሰው ነበሩ፤ ሁልጊዜ ወንበር ይስቡላታል፣ ሁልጊዜም «ሰሞኑን ያልቃል» ይሏታል።

ጠበቃ ስትይዝ መዝገቡን አብሬያት አየሁት። ኬረላ ውስጥ የአመልካች ማስረጃ «ፒ» በሚል ፊደል ይቆጠራል። ፒ 1 የማኔጀሩ የቅጥር ደብዳቤ ነው። ፒ 2 የብቃት ፈተናው ምስክር ወረቀት፣ ፒ 3 የትምህርት ቤቱን የመምህር ብዛት የወሰነው የቢሮው የራሱ ትእዛዝ፣ ፒ 4 ማኔጀሩ «ይጽደቅልኝ» ያለበት ማመልከቻ። የመጨረሻው ፒ 5 እሷ ራሷ ለመኮንኑ የጻፈችው አንድ ገጽ ደብዳቤ ነው፤ ራስጌው ላይ ሐምራዊ የገቢ ማህተም ከነቀኑ አርፎበታል። ጠበቃው ጣቱን ያሳረፈው እዚያ ማህተም ላይ ነው። «ክሱ ይህ ነው፤ ሌላው ማጀቢያ ነው» አላት። አመልካች መጠየቋን፣ መሥሪያ ቤቱ መስማቱን፣ ሰምቶም አለመመለሱን የምታሳየው ያ ማህተም ነው። በቃል የተጠየቀ ነገር አልተጠየቀም። ጸሐፊው የሳቡላት ወንበር ማስረጃ አይሆንም።

የሕንድ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 226 ለየክፍለ ግዛቱ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ትልቅ ሥልጣን ሰጥቶታል። መሠረታዊ መብት ሲጣስ ብቻ ሳይሆን ለሌላም ማናቸውም ጉዳይ፣ ማንኛውንም የመንግሥት አካል ማዘዝ ይችላል። ግዴታህን ተወጣ የሚለው ትእዛዝ «ማንዳመስ» ይባላል፤ ከእንግሊዝ ነገሥታት ችሎት የተወረሰ ነው። ዜጋው ከታችኛው ፍርድ ቤት ጀምሮ መውጣት የለበትም፤ አቤቱታውን በቀጥታ ለከፍተኛው ያቀርባል። የኬረላው ኤርናኩለም ነው ያለው፤ ከቤታችን በአውቶቡስ የሚደረስበት ነው።

ችሎቱን የሕግ ተማሪ ነኝና ገብቼ አየሁ። ጥቁር ካባና ነጭ የአንገት ጥብጣብ ያደረጉ ጠበቆች በዚያ ወበቅ ቆመው ተራ ይጠብቃሉ። መዝገቡ ሲጠራ ጠበቃዋ ስለ ሕገ መንግሥት አንድ ቃል አልተናገረም፤ «ፒ 4 አልተወሰነበትም፣ ፒ 5 አልተመለሰም» ብሎ ዝም አለ። ዳኛው ገጹን ገለጥ ገለጥ አደረጉና ወደ መንግሥት ጠበቃው ዞሩ። እሱም ከቢሮው መልስ ተቀብዬ ልቅረብ አለ። በተከታዩ ቀጠሮ ይዞት የመጣው መልስ ጉዳዩ በመታየት ላይ ነው የሚል ነበር። ዳኛው እዚያው ተቀምጠው ፍርዱን ለጸሐፊያቸው በቃል አስጻፉ። ሐሳቡ እንዲህ ነው፦ በጉዳዩ ፍሬ ነገር ላይ ምንም ሳንል፣ መኮንኑ አመልካቿንና ማኔጀሩን ሰምቶ፣ የዚህ ፍርድ ግልባጭ በደረሰው በሁለት ወር ውስጥ በፒ 4 ላይ ይወስን። አለቀ። ቀጣዩ መዝገብ ተጠራ።

እውነቱን ለመናገር ደሜ ፈላ። «ይጽደቅላት» ማለት ምን ያስቸግራል? ማታ ለመምህሬ ደውዬ ስጠይቃቸው የሰጡኝ መልስ ነው ነገሩን ያስገባኝ። ፍርድ ቤት የሚመረምረው የተወሰነን ውሳኔ ነው፤ እዚህ የሚመረመር ነገር ገና የለም። ዳኛው ተማሪ አልቆጠሩም፣ የተቀነሰ መምህር ዝርዝር የላቸውም። ዛሬ እሳቸው ቢያጸድቁ ነገ የሁሉም ትምህርት ቤት ቅጥር ኤርናኩለም ላይ ሊፈረም ነው። ስለዚህ መጀመሪያ መኮንኑን ያናግሩታል። ከተናገረ በኋላ ቃሉ በእጅ ይገባል። ካጸደቀ ጥሩ፤ ከከለከለ ምክንያቱን መጻፍ ግዴታው ነው፣ ያን ጊዜ ክልከላው ራሱ ይጠቃል። ምክንያቱ ከሕግ ጋር ካልገጠመና ሌላ መልስ የማይኖር ከሆነ ፍርድ ቤቱ በሁለተኛው ዙር ውሳኔውን ሽሮ በቀጥታ «አጽድቅ» ሲል ያዛል። ይህን ያደረገባቸው መዝገቦች ጥቂት አይደሉም።

ቢሆንም መምህሬ ሌላም ነገር አልሸሸጉኝም። «ተመልከተው ወስን» የሚለው ትእዛዝ ለዳኛም ይመቻል፤ መዝገብ ይዘጋለታል። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ራሱ በ2006 በአንድራ ፕራዴሽ የአውቶቡስ ድርጅት መዝገብ ላይ ይህን ልማድ አንስቶ፣ ዳኞች «ተመልከት» ሲሉ ምን ማለታቸው እንደሆነ አጥርተው እንዲያስቀምጡ አሳስቧል፤ መብቱን አውቀውለት ሳለ ነገሩን ለመሥሪያ ቤቱ ፈቃድ የተዉት እንዳይመስል። በ2008 ደግሞ በሌላ መዝገብ ተቃራኒውን ችግር አነሳ። ከብዙ ዓመት በፊት የሞተን ጥያቄ አንድ ደብዳቤ ጽፈው በፍርድ ቤት ትእዛዝ ነፍስ ሊዘሩበት የሚሞክሩ አሉና፣ ያረጀ መብት በአዲስ ማመልከቻ አይታደስም አለ። ቲቸርን ያዳናት ማኔጀሩ በጊዜው አመልክቶ፣ እሷም ሳይረፍድ ጽፋ ማህተም ማስደረጓ ነው።

ይህን ሳጫውታቸው እዚህ ያሉ ባልደረቦቼ «እኛስ ጋ?» ይሉኛል። በ2012 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183 በአስተዳደር ውሳኔ የተጎዳ ሰው ወደ ፍርድ ቤት ሄዶ እንዲያስከልስ በር ከፍቷል። ትልቅ ነገር ነው፤ ብዙ ጠበቃ ገና አልተጠቀመበትም። ነገር ግን አዋጁ የፌዴራል ነው፤ የወረዳ መምህርን የሚቀጥረው ደግሞ ክልሉ ነው። ስለዚህ ለአንዲት የገጠር መምህርት መንገዱ በክልሏ ሕግና በቅሬታ ሰሚው በኩል ያልፋል። እኔ ምክር ለሚጠይቀኝ መምህር የማስቀድመው አንድ ነገር ነው፤ ደብዳቤህን በሁለት ቅጂ ጻፍ፣ አንዱን መዝገብ ቤት ገቢ አድርግ፣ በአንተው ቅጂ ላይ የገቢ ቁጥርና ቀን ሳታስጽፍ እንዳትወጣ።

ወደ ቲቸር ልመለስ። ፍርድ እግር የለውም፤ የሁለት ወሩ ቆጠራ የሚጀምረው የተረጋገጠ ግልባጩ መኮንኑ እጅ ሲገባ ነው። ስለዚህ ግልባጩን ራሷ ከፍርድ ቤቱ አውጥታ፣ ራሷ ወስዳ፣ መድረሱን አስፈርማ ተመለሰች። ሁለት ወር አለፈ። ምንም የለም። ያ ጠበቃ አልተደናገጠም፤ ይህንንም ጠብቆት ነበር መሰለኝ። የፍርድ ቤትን ትእዛዝ የመድፈር አቤቱታ አስገባ። ይህኛው ከመጀመሪያው በአንድ ነገር ይለያል። በመጀመሪያው ተከሳሹ «የትምህርት መኮንን» የሚባል ወንበር ነበር፤ በሁለተኛው ግን በወንበሩ ላይ የተቀመጠው ሰው ከነስሙ ተጠራ። የ1971ዱ የሕንድ ሕግ ለዚህ ጥፋት እስከ ስድስት ወር እስራት ወይም እስከ 2000 ሩፒ መቀጮ፣ ሲብስም ሁለቱንም ያስከትላል። መኮንን ሲታሰር እምብዛም አይታይም፤ 2000 ሩፒም ማንንም አያደኸይም። ሰውዬው ግን በስሙ ተጠርቶ ዳኛ ፊት መቆም አለበት፣ አለቆቹም ይሰማሉ። አቤቱታው መድረሱ በተነገረ በሳምንቱ ቅጥሩ ከተቀጠረችበት ቀን ጀምሮ ጸደቀ።

ከተቀጠረችበት ቀን ጀምሮ የሚለው ሐረግ ከውዝፉም ይበልጣል። የደመወዝ እርከኗ፣ ወደ ፊት ርእሰ መምህርት ለመሆን የምትወዳደርበት የአገልግሎት ዘመኗ፣ ሁሉም የሚቆጠረው ከዚያ ቀን ነው። ማጽደቁ ከተፈረመበት ቀን ቢባል ኖሮ ያስተማረችባቸው ዓመታት ከመዝገብ ላይ እንደሌሉ ይሆኑ ነበር። በጊዜያዊነት ጸድቆላቸው ዛሬም የሚከራከሩት ብዙዎቹ የሚከራከሩት በዚህች ሐረግ ነው።

ውዝፉ ደመወዝ ቆይቶ በአንድ ላይ ገባ። ያን ዕለት አማቷ ለሰፈሩ ጣፋጭ አደሉ፤ እኔም ደረሰኝ። በእነዚያ ዓመታት ግን ቤተሰቡ የሠርግ ወርቋን ባንክ አስይዞ ነበር የኖረው፤ ኬረላ ውስጥ ችግር ሲመጣ መጀመሪያ የሚወጣው የሴቷ ወርቅ ነው። አምባሮቹን ለማስለቀቅ ስትሄድ ባንኩ ያሰላባትን ወለድ በወረቀት ጽፋ ለጠበቃው ወሰደችለት። ይህንንስ መንግሥት አይከፍልም ወይ አለችው። አቤቱታው ላይ እንዳልተጠየቀ ነገራት። አሁን ልክሰስ ካለችም በሌላ ፍርድ ቤት፣ የጉዳት ካሳ ተብሎ፣ ጉዳቱ በስንት ሩፒ እንደደረሰ በማስረጃ ተቆጥሮ መሆኑን፣ ያም ቀጠሮው ብዙ መሆኑን አስረዳት። ወረቀቱን አጥፋ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተችውና ስለ ጠበቃው ቀሪ ክፍያ መነጋገር ጀመሩ።